የኢንዶኔዥያ ወጣቶች የት ይውላሉ? ስለ ኖንክሮንግና ስለ በረዶ ቡና ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

(ዓመተ ምሕረቶቹ በሙሉ እንደ ኤውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ ሰዓቱ ግን በእኛ አቆጣጠር ነው።)

ኖንክሮንግ ምንድን ነው?

ጓደኛሞች ይህ ነው የሚባል ጉዳይ ሳይኖራቸው አንድ ቦታ ተሰብስበው ለሰዓታት የሚጫወቱበት ልማድ ነው። ቦታው ዘመናዊ ካፌ ሊሆን ይችላል፤ የመንገድ ዳር አግዳሚም፣ ኢንዶማሬት ወይም አልፋማርት የሚባሉት ትንንሽ ሱፐርማርኬቶች ደጃፍ ላይ ያለው የፕላስቲክ ወንበርም ይሆናል። አንዱ በዋትስአፕ ግሩፕ «ንጎፒ ዩክ» ብሎ ይጽፋል፤ ቡና እንጠጣ ማለቱ ነው። እንደ እኛው አገር ሁሉ ግብዣው ለቡናው ሳይሆን ለወሬው ነው። የመጣ ሰው ሻይ ወይም የፍራፍሬ ጭማቂ ቢያዝ ማንም ቅር አይለውም።

የኢንዶኔዥያን ወጣት ለማወቅ የሚፈልግ ሰው ከሙዚቃው፣ ከልብሱና ከቲክቶኩ በፊት ይህን ልማድ ቢያውቅ ይሻለዋል። አዲስ ጫማ የሚታየው፣ አዲስ ዘፈን የሚተቸው፣ የሥራ ማስታወቂያ የሚተላለፈው፣ ፍቅር የሚጀመረውም የሚፈርሰውም እዚያ ወንበር ላይ ነው። አምስት ልጆች ስልካቸውን አግድም ይዘው፣ ማንም ቀና ሳይል፣ አንዳቸው ብቻ «ወደ ኋላ! ወደ ኋላ!» እያለ ሲጮኽ ካዩ ሞባይል ሌጀንድስ የሚባለውን የስልክ ጨዋታ እየተጫወቱ ነው። ቡድኑ አምስት ሰው ስለሚይዝ አምስተኛ ሲጎድል ከጎረቤት ጠረጴዛ የማያውቁትን ልጅ የሚጋብዙበት ጊዜም አለ።

ቀጠሮው ለምሽቱ 1 ሰዓት ከሆነ ጠረጴዛው የሚሞላው 2 ሰዓት ገደማ ነው። «ኦቴዌ»፣ ማለትም መንገድ ላይ ነኝ ብሎ የጻፈ ሰው ገና ገላውን እየታጠበ ሊሆን ይችላል። ይህ እንደ ንቀት አይቆጠርም። ሰዓት የግድ ከሆነ፣ ለምሳሌ ሲኒማ ካለ፣ ምክንያቱን አብረው ይጻፉ፤ ያኔ ይመጣሉ።

ቤት ውስጥ ለምን አይገናኙም?

በትልልቆቹ ከተሞች ተማሪውና አዲስ ተቀጣሪው የሚኖረው ኮስ በሚባል የኪራይ ክፍል ነው። ብዙውን ጊዜ ክፍሉ አልጋ፣ ቁም ሳጥንና ትንሽ ጠረጴዛ ከያዘ በኋላ መቆሚያ አይተርፈውም፤ ኤሲ የሌለው ደግሞ በጣም ይሞቃል። በብዙ የሴቶች ኮስ ወንድ ከበር አያልፍም፤ በሩም ከምሽቱ 4 ወይም 5 ሰዓት ላይ ይዘጋል። ከቤተሰቡ ጋር የሚኖረው ደግሞ እንግዳ ይዞ ሲመጣ እናት ሳታበላ አታስወጣም፤ ስለዚህ በየሳምንቱ መውሰዱ ያሳፍራል።

መጠጥ ቤትም ለአብዛኛው ወጣት አማራጭ አይደለም። ከሕዝቡ የሚበዛው ሙስሊም ነው፤ አልኮል ውድ ነው፤ ከ2015 ጀምሮ ደግሞ ትንንሾቹ ሱፐርማርኬቶች ቢራ እንዳይሸጡ ተከልክለዋል። የቀረው ቀዝቃዛ አየር፣ ዋይፋይና የኤሌክትሪክ ሶኬት ያለው ካፌ ነው። ቡናው የወንበሩ ኪራይ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

የበረዶ ቡና በወተት መቼ ነው እንዲህ የተስፋፋው?

ዋርኮፕ የሚባለው ተራ ቡና ቤት ጥንትም ነበር። እዚያ የተፈጨ ቡና ብርጭቆ ውስጥ ተጨምሮ የፈላ ውሃ ይፈስበታል፤ አተላው እስኪረጋ ተጠብቆ ይጠጣል። ይህ ኮፒ ቱብሩክ ነው። ወጣቱን ያንቀሳቀሰው ግን ኮፒ ሱሱ ጉላ አረን ነው፤ በረዶ፣ ወተት፣ ጠንካራ ቡና፣ እና አረን ከሚባል የዘንባባ ዓይነት የሚገኝ ጥቁር ስኳር። በ2015 በደቡብ ጃካርታ ቺፔቴ ሰፈር የተከፈተው ቱኩ የተባለው ትንሽ ቡና ቤት ለዚህ መጠጥ መለመድ ትልቅ ድርሻ አለው። በ2017 ኮፒ ክናንጋን፣ በ2018 ጃንጂ ጂዋና ፎሬ ተከተሉ። ክናንጋን በ2021 መጨረሻ አንድ ቢሊዮን ዶላር የተገመተ ኩባንያ ለመሆን በቅቷል።

ፍጥነቱን ያመጡት ሁለት ነገሮች ናቸው። አንደኛው ዋጋ ነው፤ ከውጭ አገር ስም ካለው ካፌ በግማሽ ወይም ከዚያ በታች ይሸጡ ነበር። ሁለተኛው ሞተር ብስክሌት ነው፤ እንደ ጎጄክና ግራብ ያሉት መተግበሪያዎች ቡናውን እስከ ቢሮ ጠረጴዛ ስለሚያደርሱ ሱቁ መቀመጫ እንኳ ሳያስፈልገው በትንሽ ክፍል መክፈት ቻለ። ከዚያ በኋላ መልሶ ወደ ጎዳና ወረደ፤ ዛሬ በኤሌክትሪክ ጋሪ እየዞሩ ይህንኑ መጠጥ በረከሰ ዋጋ የሚሸጡ ወጣቶች በጃካርታ በየማዕዘኑ አሉ።

ቤት ውስጥ እንዴት ይሠራል?

መጀመሪያ ሽሮፑ። 200 ግራም ጉላ አረን በቢላ ይከተፋል፤ 100 ሚሊ ሊትር ውሃና ቁንጥር ጨው ይጨመርበታል። ፓንዳን የሚባለው ቅጠል ከተገኘ አንዱ ተቋጥሮ ይገባል፤ ከሌለ ይቅር። በመካከለኛ እሳት ስኳሩ ሲሟሟ እሳቱን ቀንሶ 5 ደቂቃ ማንተክተክ ይበቃል። ከዚያ በወንፊት ይጠለል፤ በባህላዊ መንገድ የተሠራ ስኳር ውስጥ የቅጠልና የእንጨት ብናኝ አይጠፋም። ትኩስ እያለ ቀጭን መስሎ ቢታይ አይሥጉ፤ ሲበርድ ይወፍራል። ድስት ላይ እያለ ማር እስኪመስል የጠበቀ ሰው በማግስቱ ፍሪጅ ውስጥ ድንጋይ ያገኛል። ከደረቀ አንድ ሁለት ማንኪያ ውሃ ጨምሮ ማሞቅ ነው። በንጹሕ ጠርሙስ ፍሪጅ ውስጥ ሁለት ሳምንት ያህል ይቆያል።

350 ሚሊ ሊትር በሚይዝ ብርጭቆ 25 ሚሊ ሊትር ሽሮፕ ከታች ይደረጋል። በረዶ እስከ ሦስት አራተኛው ይሞላል። 120 ሚሊ ሊትር ቀዝቃዛ፣ ቅባቱ ያልወጣ ወተት ይፈስበታል፤ በመጨረሻ 50 ሚሊ ሊትር ጠንካራ ቡና በቀስታ ከላይ ይጨመራል። ሦስቱ ቀለም ተደራርቦ ፎቶ ከተነሣ በኋላ በደንብ ተማስሎ ይጠጣል። ሳይማሰል የተጠጣ እንደሆነ መጀመሪያው መራራ፣ መጨረሻው ስኳር ብቻ ነው።

ወፍራም እንዲሆን የሚፈልግ 10 ሚሊ ሊትር ጣፋጭ የቆርቆሮ ወተት ጨምሮ ሽሮፑን ወደ 15 ይቀንስ። ብዙ ሱቆች የሚያደርጉት ይህንን ነው።

ለምን ውሃ ውሃ ይላል? ለምንስ ወተቱ ይበጣጠሳል?

ውሃ ውሃ የሚለው በረዶው ሲያንስ ነው። በረዶ ይበዛብኛል ብሎ ሦስት አራት ቁራጭ ብቻ የጨመረ ሰው ትኩስ ቡናው በአንዴ አቅልጦት ቀጭን መጠጥ ይጠጣል፤ ብዙ በረዶ ግን መጠጡን ቶሎ ስለሚያቀዘቅዘው በዝግታ ይቀልጣል። ሌላው ምክንያት ቡናው ራሱ መቅጠኑ ነው። ኤስፕሬሶ ማሽን ከሌለ በሞካ፣ ምድጃ ላይ በሚጣደው የጣሊያን ማፍያ፣ ይሠራ፤ ባለ ሦስት ሲኒው ከ15 እስከ 17 ግራም የተፈጨ ቡና ይይዛል፤ የሚወጣው ለሁለት ብርጭቆ ይበቃል።

ወተቱ የሚበጣጠሰው በትንሹ የተቆላ፣ ኮምጣጣነቱ ያልጠፋ ቡና እንደጋለ ሲፈስበት ነው። ጥቁርነት ያለው ቁሊት ይጠቀሙ፤ ቡናውንም ሁለት ደቂቃ ያብርዱት።

የኢትዮጵያ ቡና ይሆናል? ጉላ አረንስ ከየት ይገኛል?

ይሆናል፣ ግን ምርጫ ይጠይቃል። ኢንዶኔዥያ በብዛት የምታመርተው ሮቡስታ ነው፤ ሱቆቹም ወተትና ስኳር የሚቋቋም መራራነት ስለሚሹ ሮቡስታን ከአረቢካ ጋር ይቀላቅላሉ። ታጥቦ የተዘጋጀ፣ ለስለስ ብሎ የተቆላ ይርጋጨፌ እዚህ ውስጥ ማስገባት ሐዘን ነው፤ የአበባ መዓዛው ወተት ውስጥ ይሰጥማል፤ የሚቀረው ኮምጣጣነቱ ብቻ ነው። ሳይታጠብ በፀሐይ የደረቀ የጅማ፣ የነቀምት ወይም የሐረር ቡና ጠቆር ተደርጎ ተቆልቶ ቢገባ ግን ያምራል። በጀበና ለሚያፈሉ፦ ለ150 ሚሊ ሊትር ውሃ 20 ግራም ቡና፣ ከእሳት ከወረደ በኋላ 5 ደቂቃ ማስከን፣ ከዚያ በንጹሕ ጨርቅ ማጥለል። በጾም ወራት የአጃ ወተት ከሁሉም ይሻላል።

ጉላ አረን በአሜሪካ፣ በአውሮፓና በባሕረ ሰላጤው አገሮች በእስያ ሸቀጥ መደብሮች አለ። አጠገቡ ጉላ ጃዋ የሚባል ይገኛል፤ እሱ ከኮኮናት ዘንባባ የሚወጣ ነው፤ ለዚህ መጠጥ ይሆናል። ሁለቱም ከጠፉ ጥቁር ቡናማ ስኳር በዚያው መጠን ይሠራል፤ የጭስ ሽታው ግን አይኖርም።

አዘዛዙና አከፋፈሉ እንዴት ነው?

በዘመናዊዎቹ ካፌዎች ባንኮኒው ጋ አዝዘው አስቀድመው ይከፍላሉ፤ ስም ይጠየቃሉ፣ ሲደርስ ይጠራሉ። ስኳሩ ለእኛ አገር ምላስ ስለሚበዛ «ሌስ ሹገር» ይበሉ፤ እንዲሁ ይባላል፣ ይገባቸዋል። የምታስተናግደዋን ልጅ «ምባክ»፣ ወንዱን «ማስ»፣ ዕድሜውን ለመገመት ካስቸገረ ሁለቱንም «ካክ» ማለት ያስከብራል። ባንዱንግ ከሆኑ «ቴቴህ» እና «አአ» ይባላል። ብር ሲሰጡም ሲቀበሉም በቀኝ እጅ።

በዋርኮፕና በአንክሪንጋን ግን ነገሩ ይገለበጣል። አንክሪንጋን በዮግያካርታና በሶሎ ከተሞች የተለመደ የምሽት ጋሪ ነው፤ ጋሪው ላይ በወረቀት የተጠቀለለች አንድ እፍኝ ሩዝ፣ የተለያየ በእንጨት የተሰካ ነገርና ጥብስ ተደርድሯል። ያሻዎትን እያነሡ ይበላሉ፤ ሲጨርሱ ምን ምን እንደበሉ ለሻጩ እርስዎ ይዘረዝራሉ፤ እሱ ይደምራል። የሚያምንዎት ስለሆነ የእንጨቶቹን ቁጥር ይያዙ። ዮግያካርታ ከሆኑ ቱጉ ባቡር ጣቢያ አጠገብ ኮፒ ጆስ ይቀምሱ፤ የጋለ የከሰል ፍም ብርጭቆው ውስጥ ተጨምሮ የሚቀርብ ቡና ነው።

ለክፍያ ክሪስ የሚባለው የኪውአር ኮድ በየቦታው አለ። የአገሪቱ ማዕከላዊ ባንክ በነሐሴ 2019 አስተዋወቀው፤ ከ2020 መባቻ ጀምሮ አንዱ ኮድ ለሁሉም ባንክና ለሁሉም የስልክ ቦርሳ እንዲያገለግል ግዴታ ሆነ። መተግበሪያውን ከፍቶ ኮዱን ማንሣት፣ የሻጩን ስም ማየት፣ መጠኑን መጻፍ፣ የሚስጥር ቁጥር፣ ከዚያ ስክሪኑን ለገንዘብ ተቀባዩ ማሳየት ነው። ስሙን ማየቱን አይዝለሉ። በ2023 በጃካርታ መስጊዶች የምጽዋት ሣጥን ላይ የራሱን ኮድ ለጥፎ ገንዘብ የሰበሰበ ሰው ተይዟል፤ በትንሽ ሱቅም ይኸው ሊደርስ ይችላል። የአገሩ የባንክ ሒሳብ የሌለው ጎብኚ ባለ 10 ሺህና ባለ 20 ሺህ ሩፒያ ኖት ይያዝ፤ ለትንሽ ሻጭ የ100 ሺህ ኖት መስጠት መልስ ፍለጋ ማስሮጥ ነው።

ከጓደኛ ጋር ሒሳብ የሚከፈለው በየራስ ነው፤ አንዱ ከፍሎ ሌሎቹ ወዲያው በስልክ ይልኩለታል። ልደት ሲሆን ግን ባለልደቱ ይጋብዛል። «ልደቴ ነው ኑ» ብለው ከጠሩ ቦርሳዎ ይዘጋጅ።

ዋጋው ምን ያህል ነው? ወጣቱስ ይችለዋል?

በዋርኮፕ የፓኬት ቡና ከ4 እስከ 6 ሺህ ሩፒያ፤ የታወቁት ሱቆች የበረዶ ቡና ከ18 እስከ 28 ሺህ፤ በእጅ የተጠለለ የጋዮ ወይም የቶራጃ ቡና በልዩ ካፌ ከ35 እስከ 50 ሺህ አካባቢ ነው። በ2025 የጃካርታ ዝቅተኛ ደመወዝ በወር 5.4 ሚሊዮን ሩፒያ ያህል፣ የዮግያካርታ ክፍለ ሀገር ደግሞ 2.26 ሚሊዮን ነበር። በወር 26 ቀን የ20 ሺህ ቡና የሚጠጣ ሰው 520 ሺህ ያወጣል፤ ለጃካርታው የደመወዙ አንድ አሥረኛ፣ ለዮግያካርታው ግን ወደ ሩብ የሚጠጋ ነው። በዮግያ የአንክሪንጋን ጋሪ እስካሁን የሞላው በናፍቆት ብቻ አይደለም።

ይህን ክፍተት ብዙዎች በብድር ይሞሉታል፤ እዚህ ላይ ልባችን ያዝናል። ዛሬ ገዝቶ ነገ መክፈል የሚያስችሉት አገልግሎቶች ለቡናም ለኮንሰርት ትኬትም ክፍት ናቸው። ከእነሱ የሚብሰው ፒንጆል የሚባለው የስልክ ብድር ነው። ፈቃድ የሌላቸው አበዳሪዎች መተግበሪያው ሲጫን የስልኩን አድራሻ ዝርዝር ይቀዱና፣ ቀኑ ሲያልፍ ለእናት፣ ለአለቃ፣ ለቀድሞ መምህር ሳይቀር መልእክት እየላኩ ያዋርዳሉ። አበዳሪው ፈቃድ ያለው መሆኑን የፋይናንስ ተቆጣጣሪው ኦጄካ ከሚያወጣው ዝርዝር ማረጋገጥ፣ አድራሻንና ፎቶን ልይ የሚል መተግበሪያን ፈጽሞ አለመጫን ይገባል። በ2025 መጀመሪያ ወጣቱ «መጀመሪያ እንሰደድ» የሚል ሐሽታግ ይዞ የተነሣው ከዚህ ዓይነቱ የኑሮና የሥራ ጭንቀት የተነሣ ነው፤ ይህ ስሜት ለእኛ አንባቢ ማብራሪያ አያሻውም።

ለመቀመጥ ምን ይለበሳል?

ሰፊ ሱሪ፣ የሙዚቃ ባንድ ቲሸርት፣ ሸራ ጫማ፣ ትንሽ የትከሻ ቦርሳ። የአገር ውስጥ ምርት መልበስ ያኮራል፤ የባንዱንጉ ኮምፓስ ሸራ ጫማ አዲስ ሲወጣ ሰልፍ ያስይዛል። ሳልባጅም ፋሽን ነው፤ በጃካርታ ፓሳር ሰነን፣ በባንዱንግ ገዴባጌ ገበያ ይመረጣል። ያገለገለ ልብስ ከውጭ ማስገባት በሕግ የተከለከለ ነው፤ በ2023 መንግሥት የተያዘ ቦንዳ እያቃጠለ አሳይቷል፤ ገበያው ግን አልጠፋም። የገዙትን ከመልበስዎ በፊት በሙቅ ውሃና በሳሙና ዘፍዝፈው ፀሐይ ላይ ያስጡ።

በ2022 አጋማሽ ከቺታያም፣ ከቦጆንግ ግዴና ከዴፖክ በርካሽ የከተማ ባቡር የመጡ የድሃ ሰፈር ልጆች በጃካርታ ዱኩ አታስ የእግረኛ ማቋረጫን የፋሽን መድረክ አድርገውት ነበር። ለሳምንታት አገሩን ካነጋገረ በኋላ ባለሥልጣናት ትራፊክ ተዘጋ ብለው በተኑት። የውድ ሰፈር ካፌ መግባት ለማይችል ልጅ መንገዱ ራሱ ኖንክሮንግ መሆኑን ከዚያ በላይ ያሳየ ነገር የለም።

አንድ ቡና ይዞ ስንት ሰዓት መቀመጥ ይቻላል?

ሦስት ሰዓት ማንም አይናገርም። ላፕቶፕ ከፍተው የመመረቂያ ጽሑፍ የሚጽፉ ተማሪዎች ከዚያም በላይ ይቆያሉ፤ ደንቡ ሁለተኛ ነገር ማዘዝ ነው፣ የተጠበሰ ድንችም ቢሆን። ቅዳሜ ማታ ባለ አራት ወንበር ጠረጴዛ ብቻዎን አይያዙ። የኢትዮጵያ ባለ ሁለት ክብ እግር የኤሌክትሪክ መሰኪያ እዚያም ይሠራል። የውጭው መቀመጫ የአጫሾች ነው፤ የቅርንፉድ ሲጋራ ጭሱ ከባድ ስለሆነ አስም ያለበት ሰው ውስጥ ይቀመጥ።

ከጃካርታ ሌላ የት ይሻላል?

ጃካርታ ውስጥ በሜትሮ ብሎክ ኤም ወርደው በእግር መዞር ነው፤ ኤም ብሎክ ስፔስ ከ2019 ጀምሮ አሮጌ የሠራተኛ መኖሪያ ቤቶችን ለካፌና ለሙዚቃ ከፍቷል። እሑድ ጠዋት ሱዲርማንና ታምሪን ጎዳና ለመኪና ዝግ ስለሆነ ሯጩ ሁሉ እዚያ ነው፤ ከሩጫው በኋላ ያለው ቡና ከሩጫው ይረዝማል። አቼ ውስጥ ሳንገር የሚባለውን ባለ ወተት ቡና፣ በብሊቱንግ ደሴት የማንጋር ከተማን የቡና ቤቶች ብዛት ይዩ።

ኢትዮጵያዊ ግን ባንዱንግን ባያልፍ መልካም ነው። በብራጋ ጎዳና ያሉት ካፌዎች ከእስያ አፍሪካ ጎዳና አጠገብ ናቸው፤ በሚያዝያ 1955 ኢትዮጵያን ጨምሮ 29 አገሮች የተሰበሰቡበት አዳራሽ፣ ግዱንግ ምርዴካ፣ እዚያው ነው። ማታ ማታ የከተማው ወጣት የሚቀመጠው በዚያ ሕንፃ ዙሪያ ነው።

በረመዳን ምን ይለወጣል?

ብዙ ካፌ ቀን ላይ መጋረጃ ያወርዳል ወይም ይዘጋል። ማታው ግን ከዓመቱ ሁሉ ይበልጣል፤ የትምህርት ቤት ጓደኞች፣ የመሥሪያ ቤት ባልደረቦች፣ የድሮ ሰፈር ልጆች በየተራ ቡክበር፣ የጋራ ማፍጠሪያ፣ ይጠራራሉ። ጠረጴዛ ቢያንስ ከአንድ ሳምንት በፊት ይያዛል፤ ቀብድ ይከፈላል፤ ምግቡም አስቀድሞ ይታዘዛል፤ ምክንያቱም ሁሉም በአንድ ደቂቃ ስለሚበላ ወጥ ቤቱ ሊደርስ አይችልም። ሙስሊም ያልሆነ ጓደኛም ይጋበዛል፤ አዛኑ እስኪሰማ አብሮ ይጠብቃል።

ከኢትዮጵያ ስሄድ ቡና ስጦታ ልውሰድ?

ይውሰዱ፤ ከመንገድ የመጣ ሰው አንድ ነገር ይዞ መግባቱ እዚያም ወግ ነው፣ ለካፌ ልጆችም ከዚህ የተሻለ የለም። ጥሬ ቡና የእጽዋት ቁጥጥር ጣጣ ስላለው የተቆላና በፋብሪካ የታሸገ ይሁን። ለእነሱ እዚህ ለበረዶ ቡናው የከለከልነውን፣ ታጥቦ ለስለስ ብሎ የተቆላውን ይርጋጨፌ ወይም ጉጂ ይምረጡ፤ ያለ ወተት በወረቀት ማጥለያ ያጠልሉታል። ያልተፈጨ ይሁን፤ የተቆላበት ቀን ከአንድ እስከ ሁለት ሳምንት ቢሆነው ጥሩ ነው። ቀኑ ማሸጊያው ላይ ካልተጻፈ በስክሪብቶ ይጻፉበት፤ መጀመሪያ የሚያዩት እሱን ነው።